ሳሚሳክ ዝም ያለበት ቦታ

ኢካሉቪክ፣ ፌብሩዋሪ 8፣ 1993

ለአያቴ ለአላሲ፣

እንዴት ሰነበትሽ? ጤናሽስ? እኛ ሁላችንም ደኅና ነን። ደብዳቤሽ ዘግይቶ ነው የደረሰኝ፤ አውሮፕላኑ በነፋሱ ምክንያት ከላያችን እየዞረ ሳያርፍ ሲመለስ ሰነበተ። መልሴ ስለቆየ አትቀየሚኝ።

የጠየቅሽኝ ጣቴ ድኗል። የወደቀው ጥፍሩ ብቻ ነው። ካሜራ ለመያዝ ጥፍር አያስፈልግም።

አጎታችን ሳሚሳክም ደኅና ነው። ትናንት ሻይ ሊጠጣ መጥቶ «እማዬ ከሐኪሞቹ ጋር ተስማማች ወይ?» አለኝ። አዲሷ ነርስ ቤቴ ነበረች። ያን የሚያህል ሽማግሌ አንቺን «እማዬ» ሲል ግራ ገባት። በእናቱ ስም ስለተጠራች እናቱ ናት፤ ለእኔም አያቴ ናት ብዬ አስረዳኋት። «ታዲያ ታናሽ እህትህ አይደለችም?» አለች። ናት አልኳት። ሻይዋን ሳትጨርስ ወጣች።

አሁን ወደ ሥራው። ስለ ሆስፒታሉ ምግብ ሁለት ገጽ ጻፍሽልኝ፤ ስለ ፊልሙ ሦስት መስመር። ስለ ምግቡ አዝኛለሁ። ግን እኔ የምፈልገው ሦስቱን መስመር ነው፤ እነርሱም ግልጽ አይደሉም። «እየሄደ ነው» ማለት ምን ማለት ነው? ወዴት ነው የሚሄደው? አንድ ቀን የኩላሊቱ ማሽን ደምሽን ሲያጥብ ውሎ በማግስቱ እኔን ወክለሽ የቅንብር ክፍል ውስጥ መቀመጥ ከባድ እንደሆነ አውቃለሁ። ነገር ግን ከፊልም ማኅበራችን ሞንትሪያል ያለሽው አንቺ ብቻ ነሽ። የፊልሙን ድምፅም ከመታመምሽ በፊት በማይክ የቀዳሽው አንቺ ነሽ።

የምለምንሽ አንድ ነገር ነው። ሳሚሳክ በበረዶው ቀዳዳ ላይ ጎንበስ ብሎ፣ ጦሩን ይዞ፣ የባሕር እንስሳዋ አቆስጣ ለመተንፈስ ብቅ እስክትል የሚጠብቅበት ቦታ አይነካ። ረጅም ነው። ረጅም እንዲሆን ነው የቀረጽኩት። ማንም እንዳይቆርጠው፤ ከሁሉ በላይ ማንም እንዳይናገርበት። የፊልም ኩባንያው ሰው ማርሶ ባለፈው በጋ እዚህ ሳለ «ተመልካች ዝምታ አይወድም፤ አንድ ተራኪ ጥቂት ቢያስረዳ ምን ይለዋል?» ሲል ሰምቼዋለሁ። እየሳቀ ነበር ያለው። እንዲህ እየሳቁ የሚናገሩትን ነው የምፈራው።

ልጆች ሳለን ከደቡብ፣ ከሞንትሪያል ወገን የመጡት ሰዎች እናታችንን ሲቀርጹ የሆነውን አንቺ አታስታውሺም፤ እኔ አስታውሳለሁ። መነጽሯን አስወልቀው ቆዳ አሰፏት፤ መነጽር ድሮ አልነበረም ብለው። ሳታይ ስትሰፋ መርፌው አውራ ጣቷን ወጋት። ከብዙ ዓመት በኋላ ፊልሙን ዩኒቨርሲቲ ውስጥ አሳዩን። እናቴ ጣቷን ስትጠባ አንድ ወፍራም ድምፅ «በጥንቱ ዘዴ ክሩን በምራቋ ታርሳለች» አለ። ክፍሉ ሙሉ ተማሪ ጻፈው። ካሜራ ለመያዝ የወሰንኩት ያን ቀን ነው፤ ስለዚህ ነገሩን ቀላል አታድርጊው።

ወንድምሽ ፑቱሊክ


ሞንትሪያል፣ ፌብሩዋሪ 19

ለልጅ ልጄ ለፑቱሊክ፣

እንደምን ከረምክ? አያትህ እስካሁን አለሁ፤ ደሜም ከማንም ሰው ደም የበለጠ ታጥቧል። ስለ ሆስፒታል እንዳልጽፍ ከፈለግህ አልጽፍም። ምግቡ ግን አሁንም መጥፎ ነው።

የላክኸው የቀዘቀዘ ዓሣ ደርሷል። የሕመምተኞች ማረፊያው ኃላፊ ሽታው ኮሪደሩን ሞላው ብላ ተቆጣች። ከእኛ አገር የመጣነው ሁሉ መሬት ላይ ካርቶን ዘርግተን፣ በቢላ እየቆረጥን ጥሬውን በላነው። አንዲት ሴት አለቀሰች፤ ከመጣች ጀምሮ የጠገበችው ያን ቀን ነው አለች። እንግዲህ ምስጋናዬ ይድረስህ።

«ግልጽ አይደለም» ስላልከኝ ግልጽ ላድርገው። ሰኞ ስብሰባ ነበር። ማርሶ ነበረ፤ የፊልሙ አቀናባሪ ነበረ፤ ከቴሌቪዥን ጣቢያው የመጡ ሁለት ሰዎችም ነበሩ። ትረካ የሚባለውን አነሱ። እምቢ አልኳቸው። ወደ ሌላ ነገር አለፉ። ይኸው ነው።

ማርሶ ክፉ ሰው አይደለም፤ ወንበር ይስብልኛል። ብቻ መጠየቅ ያበዛል። «ደኅና ነሽ? በርዶሻል? ቡና ላምጣልሽ? ምን ታስቢያለሽ?» ይላል። ፖሊስ ጣቢያ የገባሁ ነው የሚመስለኝ። አንተ ብትሆን አንቀኸው ነበር፤ ስለዚህ እኔ መሆኔ ጥሩ ነው።

ስለ ጤናዬ የጠየቅኸውን ሌላ ጊዜ እነግርሃለሁ። ለልጄ ለሳሚሳክ ጉንፋኑን እንዲጠነቀቅ ንገርልኝ፤ እናትህ አለች በለው።

አላሲ


ኢካሉቪክ፣ ማርች 2

ለአላሲ፣

ሰላም ነሽ ወይ? እዚህ ቀኑ ረዝሟል። ፀሐይዋ ጥሩ ናት፤ በረዶው ግን የወንዙ አፍ አካባቢ ሳስቷል፤ ሰው ሁሉ በላይኛው መንገድ እየዞረ ነው የሚሄደው።

ማርሶ ስልክ ደውሎ ነበር። ስልኩ አሁንም ያለው ሱቁ ውስጥ፣ ከባለሱቋ ከኒያቪ ሚዛን ጎን ነው። እኔ ስናገር ኒያቪ ምስማር መመዘኗን አቆመች፤ ወረፋ የያዙትም ሁሉ ድንገት ጣሳ ማንበብ ጀመሩ። ማርሶ እንዲህ አለኝ፦ «ተራኪው ተገኝቷል። ትልቅ የቲያትር ሰው ነው፤ ድምፁ እንደ ቤተ ክርስቲያን ደወል ነው። እህትህ ስለተባበረችን ደስ ብሎናል።»

እኔም «እህቴ ምን አደረገች?» አላልኩትም። በሰው ሁሉ ፊት ያንን አልልም። «እሺ፣ ደኅና ሁን» ብዬ ዘጋሁ። ኒያቪ «ምን አለ?» አለችኝ። «የአየሩን ሁኔታ ጠየቀኝ» አልኳት። «ሞንትሪያል ሆኖ? ምስኪን፣ መስኮት የለውም ማለት ነው» አለችና ሱቁን በሳቅ አፈረሰችው።

ሰውን በጥያቄ ማፋጠጥ በቤታችን ነውር እንደሆነ ታውቂያለሽ። ስለዚህ አልጠይቅሽም። እምቢ ብያለሁ ብለሽ ጽፈሻል፤ ደብዳቤሽ ፊቴ ነው። እርሱ ደግሞ ተባበረችን ይላል። ከሁለታችሁ አንዱ ያልሆነውን ተናግሯል። እኔ ዩኒቨርሲቲ የተማርኩት ይህን ያህል ለማወቅ ይበቃል።

ከሆስፒታል የተመለሱ ሰዎች አዲስ ካፖርት እንደለበስሽ አወሩ። ጥሩ ካፖርት ነው አሉ፤ የደቡብ ሱቅ ካፖርት። በጤና ልበሺው።

ፑቱሊክ


ሞንትሪያል፣ ማርች 11

ፑቱሊክ፣

ሰላምታህ አጠረ፤ የኔም ያጥራል።

ካፖርቱን ቤተ ክርስቲያን ነው የሰጠኝ። የወሰድኩት እጅጌው ሰፊ ስለሆነ ነው። መርፌው የሚገባበት ክንዴ አብጦ በገዛ ካፖርቴ አልገባ አለኝ። ይህን እንዳልጽፍልህ ወስኜ ነበር፤ ለአንተም ለሳሚሳክም አላወራሁም። አሁን ግን ካፖርት ቆጣሪ ሆነሃልና እወቀው።

እምቢ ብያቸዋለሁ። ሁለተኛ አልጽፈውም። ከአቀናባሪው ጋር ስለመዋሌ፣ ምሳ ስለመብላቴ፣ ከማን ጋር በአሳንሰር እንደወጣሁ ማወቅ ከፈለግህ ና፤ አውሮፕላኑ በሳምንት ሁለቴ ይበራል።

ዓሣ መላክህን ባታቆም ደስ ይለኛል። እሱን እንኳ ለራሴ አይደለም የምለምነው።

አላሲ


ኢካሉቪክ፣ ማርች 24

ለአላሲ፣

ክንድሽ እንዴት ነው? እብጠቱ ከጎደለ ጻፊልኝ፤ ካልጎደለም ጻፊልኝ። ዓሣው በዚሁ አውሮፕላን ተልኳል። ስለ ካፖርቱ የጻፍኩትን ባልጻፍኩት ይሻል ነበር። ይህ ግን ስለ ካፖርቱ ብቻ ነው።

ማርሶ እዚህ ነበር። የነፋስና የውሾች ድምፅ ሊቀዳ መጥቶ ሦስት ቀን ቆየ። ውሾቹ እርሱ እስኪሄድ ድረስ ትንፍሽ አላሉም፤ ነፋሱም ቆመ። እንዲህ ያለ ጸጥታ ክረምቱን ሙሉ አላየንም።

አንድ ነገር ልንገርሽ፤ ቢያንስ ትስቂያለሽ። ሱቅ ገባን። ማርሶ ኒያቪን «ስኳር አለ?» አላት። ኒያቪ ቅንድቧን ከፍ አደረገች። ቆሞ ጠበቃት። «ስኳር አለ ወይ?» አለ። ኒያቪ ቅንድቧን አሁንም ከፍ አደረገች። ሰውዬው ወደ እኔ ዞሮ «ምን አስቀየምኳት?» አለኝ። ለሦስተኛ ጊዜ፣ እንደ ደንቆሮ ሰው ጮክ ብሎ፣ «ስ - ኳ - ር?» ሲላት ኒያቪ በቋንቋችን «ፑቱሊክ፣ እንግዳህ ዕውር ነው እንዴ? አዎ፣ አዎ እያልኩት ቅንድቤ ፀጉሬ ውስጥ ሊገባ ነው!» አለች። ሕዝቡ ሳቀ። ማርሶም አብሮ ሳቀ፤ ለምን እንደሚስቅ ግን አላወቀም። ስኳሩንም ሳይገዛ ወጣ።

ሳቁ እዚህ ላይ ያበቃል። ማታ ሳሚሳክ ቤት ራት በላን። ማርሶ ከኪሱ ወረቀት አወጣና ተራኪው በቀዳዳው ትዕይንት ላይ የሚለውን አነበበልን፦ «በዚህ በረዶ ላይ ጊዜ ቆሟል። አዳኙ ከባሕሩ መንፈስ ጋር በዝምታ ይነጋገራል።» ሳሚሳክ ተርጉምልኝ አለኝ። ተረጎምኩለት። «ማነው ከማን ጋር የሚነጋገረው?» አለ። አንተ ነህ አልኩት። «እኔ?» አለ።

ማርሶን በር ላይ ያዝኩት። ይህን ማን ፈቀደ አልኩት። «እህትህ» አለኝ፤ «እኔ ራሴ ፊት ለፊቷ ተቀምጬ፣ ዓይን ዓይኗን እያየሁ ጠየቅኋት። ተስማምታለች። ሦስት ሰው ምስክር አለኝ» አለኝ። ፊቱን አጠናሁት። የሚዋሽ ሰው ፊት አልነበረም። ምነው የሚዋሽ በሆነ!

ሳሚሳክም ሰምቷል። ከዚያ ቀን ጀምሮ እማዬ ብሎ አልጠራሽም። «አላሲ» ነው የሚልሽ፤ እንደ ማንኛውም ሰው። ይህን ልደብቅሽ አስቤ ነበር፤ ግን እንድታውቂው ፈለግሁ።

ስለዚህ ነውሩን ልሥራው። ዛሬ የምጠይቅሽ አያቴን አይደለም፤ ታናሽ እህቴን ነው። ተስማምተሻል ወይስ አልተስማማሽም? ትረካው በኤፕሪል አጋማሽ ፊልሙ ላይ ይለጠፋል። እስከዚያ መልሽልኝ።

ፑቱሊክ


ሞንትሪያል፣ ኤፕሪል 1

ፑቱሊክ ሆይ፣

ደብዳቤህን ያነበብኩት ማሽኑ ላይ ተኝቼ ነው። ኒያቪ ጋ ስደርስ ሳቄ አመለጠኝ፤ ነርሷ መርፌው ሊነቀል ነው ብላ ጮኸችብኝ። ከዚያ ሳቄ ጠፋ። ነርሷ ደግሞ ምን ሆንሽ ብላ ደነገጠች።

ስማኝ። ሰኞ ዕለት ማርሶ እንዳለው ፊት ለፊቴ ተቀምጦ ነበር። ዓይን ዓይኔን እያየ «በቀዳዳው ትዕይንት ላይ ትረካ እናስገባ፤ ይስማማሻል?» አለኝ። አፍንጫዬን ሸበሸብኩ። ትንሽ አይደለም፤ አጥብቄ ነው የሸበሸብኩት። አንተ ብታየው ወንበሩን ትተህ ትወጣ ነበር። እርሱ «በጣም ጥሩ» አለና ወረቀቱን ገለበጠ።

እኔ ምን መሰለኝ? የአፍንጫዬን እምቢታ አይቶ በትህትና ያለፈው መሰለኝ። እንዲያውም ስላልጨቀጨቀኝ አመሰገንኩት። እምቢ አልኳቸው ብዬ የጻፍኩልህ እምቢ ስላልኩ ነው። ተስማምታለች ያለህም ተቃውሞ ስላልሰማ ነው። ሁለታችንም አልዋሸንህም።

ሦስት ዓመት እነርሱ መካከል ኖረሽ ፊት እንደማያነቡ አታውቂም ወይ ትለኛለህ። አውቃለሁ። ለአውቶቡስ ሹፌሩ፣ ለነርሷ፣ ለገንዘብ ተቀባይዋ አፌን ከፍቼ «ኖ» እላለሁ። ያን ቀን የጠየቁኝ ግን ስለ ልጄ ነው። በስክሪኑ ላይ ሳሚሳክ ጎንበስ ብሎ ነበር፤ ድምፁም እኔ የቀዳሁት የበረዶው ድምፅ ነበር። ልቤ እዚያው ቤት ነበር። እዚያው ቤት እንደማደርገው መለስኩ።

ለሳሚሳክ ይህን ሳታሳጥር አንብብለት። ከዚያ ምን እንዳደርግ ንገረኝ። ስለ ክንዴ አትጠይቀኝ።

አላሲ


ኢካሉቪክ፣ ኤፕሪል 8

አላሲ፣

እውነቱን ልንገርሽ፤ መጀመሪያ አላመንኩሽም። ነገሩ በጣም ልክ ሆኖ መጣብኝ። እኔ የኒያቪን ወሬ በጻፍኩ ማግስት አንቺ አፍንጫሽን አመጣሽ። አንድ ሰው ማምለጫ ቢፈልግ እኔ ራሴ ሠርቼ ልኬለታለሁ ብዬ አሰብኩ። ደብዳቤውን ደጋግሜ አነበብኩ፤ የተሰረዘ ቃል ካለ ብዬ ወደ ብርሃን አነሳሁት። እንዲህ ዓይነት ሰው ሆኛለሁ። ከእነርሱ ጋር ሠላሳ ዓመት ስከራከር የገዛ ቤቴን ሰው እንደ እነርሱ መመርመር ለመድኩ።

ከዚያ ለሳሚሳክ አነበብኩለት። እስከ መጨረሻው ሰማና «አፍንጫዋን ሸበሸበች?» አለ። አዎ አልኩት። «አጥብቃ?» አዎ አልኩት። «እናቴ አፍንጫዋን ስትሸበሽብ ውሾቹ እንኳ ከሥጋው ይርቁ ነበር። ይኼ ሰውዬ ግን እያያት?» አለ። እያያት አልኩት። ራሱን ይዞ ተቀመጠ። ከዚያ «ምስኪን ነው፤ ማንም ሳያስተምረው አደገ» አለ፤ ማርሶን ማለቱ ነው። እኔ ግን አላዘንኩለትም። ከእናታችን ጊዜ ጀምሮ ፊታችንን ሲቀርጹ ኖረዋል። ፊት መመልከት ሥራቸው ነው።

ምን ላድርግ ብለሻል። ሳሚሳክ «እማዬ በአፏ እምቢ ትበል» ብሏል፤ ቃሉ ይህ ነው። እኔ የምጨምረው አንድ ነገር ብቻ ነው። ትረካው ከቀረ የቴሌቪዥን ጣቢያው ፊልሙን አይወስደው ይሆናል። በመጪው መከር ሊተላለፍ የነበረውን ስርጭት ማጣት ለእኔ ምን እንደሆነ ታውቂያለሽ፤ እንዲህ ያለ ሰዓት ለእኛ ሲሰጡ ይህ የመጀመሪያው ነው። ስለዚህ በኋላ «ፑቱሊክ ይቆጣኛል» ብለሽ ድምፅሽን እንዳትቀንሺ። ስርጭቱ ይቅር። ጮክ ብለሽ በይው።

ወንድምሽም የልጅ ልጅሽም፣ ፑቱሊክ


ሞንትሪያል፣ ኤፕሪል 20

ለልጅ ልጄ፣

ተደርጓል። የሆነውን ሁሉ አልጽፍም፤ ኀፍረቱ ገና ከፊቴ አልወረደም። እናታችን ሰው ፊት ድምፅ ከፍ ማድረግን እንዴት እንደምትጠላው ታውቃለህ። ብቻ በሩ ክፍት ነበር፤ ኮሪደሩ ላይ የሚያልፉ ሰዎች ቆሙ። የዚያን ዕለት ተራኪውም መጥቶ ነበር፤ ብርጭቆ ውኃ ይዞ ማይኩ ፊት ቆሟል። ደግ ፊት ያለው ሽማግሌ ነው። ውኃውን አስቀምጦ ኮቱን ለበሰ።

ማርሶ «ግን እኮ ተስማምተሽ ነበር» አለኝ። አፍንጫዬን አሳየሁትና ይህ ምን እንደሆነ ነገርኩት። ለረጅም ጊዜ አየኝ። «ያን ቀን ሽታ የሸተተሽ መስሎኝ መስኮት ከፍቼ ነበር» አለ። እውነቱን ነው፤ ከፍቶ ነበር። ለካ ለእኔ ብሎ ነው።

ጣቢያው ያለ ትረካ አንወስድም ብሏል። ማርሶ ሊከራከርልን ሞከረ፤ አልሆነም። የመከሩ ሰዓት ለሌላ ተሰጥቷል፤ ስለ ድቦች ነው አሉ። አዝናለሁ ወንድሜ። አንተ ይቅር ብትልም እኔ አዝናለሁ።

የፊልሙን አንድ ኮፒ ወደ ቤት ከሚመለሱት ሕመምተኞች ጋር ልኬያለሁ። ምንም አልተነካም። ስታሳዩ ድምፁን ከፍ አድርጉት፤ በረዶው ከሥር ሲተነፍስ እንዲሰማ። እኔ መምጣት አልችልም፤ ሐኪሞቹ ይህን ቁርጥ አድርገው ነግረውኛል። ሰው ሁሉ ምን እንዳለ ሳታስቀር ጻፍልኝ።

አላሲ


ኢካሉቪክ፣ ሜይ 3

ለአያቴ ለአላሲ፣

ሳላስቀር የምጽፈው አንቺ ስላልሽ ነው እንጂ ደስ እያለኝ አይደለም።

ቅዳሜ በትምህርት ቤቱ የስፖርት አዳራሽ አሳየነው። መንደሩ በሙሉ መጣ፤ ቁጭ ብለው የማያውቁት ሁሉ መጡ። ድምፁን አንቺ እንዳልሽው አደረግሁት። ሳሚሳክን መካከል አስቀመጥነው፤ አዲስ ሸሚዝ ለብሶ፣ ጆሮው እንዲሰማ ቆቡን አውልቆ። «እማዬ የቀዳችው ይኼ ነው?» እያለ ገና ምንም ሳይጀመር ሰው አስቸገረ።

ትዕይንቱ መጣ። ሳሚሳክ በስክሪኑ ላይ ጎንበስ አለ። በረዶው ይሰማል፤ ነፋሱ ይሰማል። ሠላሳ ዓመት የጠበቅሁት ዝምታ ይኸው ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ።

ኒያቪ «ጀርባውን እዩት፣ እንደ ሴት ዝይ!» አለች። ከኋላ አንዱ «ቦቲው የእኔ ነው፤ እስካሁን አልመለሰልኝም» ብሎ ጮኸ። አሮጊቶቹ የትኛው ቀዳዳ እንደሆነ፣ በዚያ ዓመት በረዶው የት ድረስ እንደነበር መከራከር ጀመሩ። ልጆቹ አቆስጣዋ መጣች፣ አልመጣችም እያሉ መሬቱን ይረግጣሉ። ተነሥቼ «ዝም በሉ!» ብዬ ጮኽኩ። ለዚህ ዝምታ ስንት ነገር እንደከፈልን ታውቃላችሁ ወይ አልኩ። ለአፍታ ጸጥ አሉ።

ሳሚሳክ ዞሮ አየኝ። «አንተ ለምን ትቆጣለህ?» አለኝ። «እኔ አይደለሁ እንዴ እዚያ የቆምኩት? ልናገር።» ከዚያ ወደ ሕዝቡ ዞረ። «እዚህ ጋ፣ እዩ፣ አሁን እግሬን አቀራረብኩ፣ አያችሁ? ሽንቴ መጥቶብኝ ነበር! ፑቱሊክ ጠዋት ሙሉ ሻይ አጠጥቶኝ፣ ከዚያ ከካሜራው ኋላ ሆኖ በእጁ አትንቀሳቀስ፣ አትንቀሳቀስ ይለኛል። አቆስጣዋን መች አሰብኳት? ቶሎ በመጣችና በገላገለችኝ እያልኩ ነበር!»

አዳራሹ ተናወጠ። ሰው ከወንበር ወደቀ። እኔም ሳቅሁ፤ ከመቼ ወዲህ እንደሆነ አላውቅም። ተቀምጬ ማንንም ዝም ሳላሰኝ እስከ መጨረሻው አየሁ።

የአዳራሹን ጫጫታ በካሴት ቀድቼ ልኬልሻለሁ፤ ፊልሙን ስታዪ አብረሽ አጫውቺው። ስለ ክንዴ አትጠይቀኝ ብለሻል፤ አልጠየቅኩም። አንቺ ግን ጻፊልኝ።

ከማርሶ ጋር ብትገናኚ ሰላም በይው። ስለ ሽንቱ ግን ትንፍሽ እንዳትይ። ጽፎ ለተራኪው ይሰጠዋል።

ፑቱሊክ